ጀምስ ዊልሰን፦ ሁለቱን ሰነዶች ፈርሞ በዕዳ የታሰረው ዳኛ

ጥያቄው፦ «ለአሜሪካ ዜግነት ፈተና ሳጠና ጀምስ ዊልሰን የሚባል ስም ደጋግሞ ይገጥመኛል። የነጻነት መግለጫውንም ሕገ መንግሥቱንም ፈርሟል፣ ከመጀመሪያዎቹ የጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኞች አንዱ ነበር ይላሉ። ሌላ ቦታ ደግሞ ዳኛ እያለ በዕዳ ታስሮ እስር ቤት ውስጥ ሞተ የሚል አነበብሁ። "እኛ ሕዝቡ" የሚለውን የጻፈውም እሱ ነው ይባላል። የቱ ነው እውነቱ? ይህን ያህል ሰው ከሆነስ ስሙ ለምን ጠፋ?»

ምላሽ፦

ካነበቡት አብዛኛው ትክክል ነው፤ ሁለት ነገር ግን ይታረም። ዊልሰን በዕዳ ሁለት ጊዜ ታስሯል፤ እስር ቤት ውስጥ ግን አልሞተም። ሁለቱንም ጊዜ ተፈትቷል። የሞተው ኦገስት 21 ቀን 1798፣ በሰሜን ካሮላይና ኤደንተን በምትባል ትንሽ ከተማ፣ ማረፊያ ቤት ውስጥ ታሞ ነው። ዕድሜው 55 ነበር፤ የጠቅላይ ፍርድ ቤት ወንበሩንም እስከ መጨረሻው አልለቀቀም። «እኛ ሕዝቡ» የሚለው መክፈቻም ሙሉ በሙሉ የእሱ አይደለም፤ ወደ እሱ እመለሳለሁ። ዘመኖቹን ሁሉ የምጽፈው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ሰውየው የተወለደው ሴፕቴምበር 14 ቀን 1742 በስኮትላንድ ፋይፍ አውራጃ፣ ከገበሬ ቤተሰብ ነው። ሴንት አንድሩስ ዩኒቨርሲቲ ተምሮ፣ በሃያዎቹ መጀመሪያ ዕድሜው ወደ አሜሪካ ተሻገረ፤ በ1766 ፊላደልፊያ ኮሌጅ ውስጥ ያስተምር ነበር። ከዚያ በጊዜው ታዋቂ በነበረው ጠበቃ በጆን ዲኪንሰን ቢሮ ሕግ አጠና። በቅኝ ግዛቶቹ የሕግ ትምህርት ቤት አልነበረም፤ ጠበቃ መሆን የሚፈልግ ሰው ነባር ጠበቃ ዘንድ ገብቶ ሰነድ እየገለበጠና መጽሐፍ እያነበበ ነበር የሚማረው። ዊልሰን ከዚያ በኋላ በፔንሲልቬንያ ከተሞች፣ በሬዲንግ፣ ቀጥሎም በካርላይል ጥብቅና ቆመ። እንጀራውን ያገኘበት ሥራ በአመዛኙ የመሬት ክርክር ነበር። ይህን በልብ ይያዙት፤ ኋላ የጣለውም መሬት ነው።

በ1774 ያሳተመው አጭር ጽሑፍ የእንግሊዝ ፓርላማ በቅኝ ግዛቶቹ ላይ ሕግ የማውጣት ሥልጣን እንደሌለው ይከራከራል። መነሻው እንዲህ ይላል፦ «ሰው ሁሉ በተፈጥሮው እኩልና ነጻ ነው፤ ማንም በሌላው ላይ ያለ ፈቃዱ ሥልጣን የመያዝ መብት የለውም፤ ሕጋዊ መንግሥት ሁሉ የሚቆመው በተገዢዎቹ ፈቃድ ላይ ነው።» የነጻነት መግለጫው ከመጻፉ ሁለት ዓመት በፊት መሆኑ ነው። የዊልሰን ሐሳብ ሁሉ ከዚህች ዓረፍተ ነገር ይቀዳል፦ ሥልጣን የሚመነጨው ከንጉሥም ከግዛትም ሳይሆን ከእያንዳንዱ ሰው ነው፤ መንግሥት የሰው ወኪል እንጂ ጌታ አይደለም። ፖለቲከኛ ሆኖ ያቀረበውን ሐሳብም ሆነ ዳኛ ሆኖ የሰጠውን ፍርድ በዚህ መነጽር ካዩት አንዱ ከሌላው ጋር ይገጥማል።

ጁላይ 2 ቀን 1776 ስለ ነጻነት ድምፅ ሲሰጥ የፔንሲልቬንያ ልዑካን ለሁለት ተከፍለው ነበር። የዊልሰን መምህር ዲኪንሰንና ነጋዴው ሮበርት ሞሪስ ድምፅ ከመስጠት ራሳቸውን አገለሉ። ቤንጃሚን ፍራንክሊን፣ ጆን ሞርተንና ዊልሰን ደገፉ፤ ሁለቱ ተቃወሙ፤ 3 ለ2 ሆነ። ከሦስቱ አንዱ ቢያፈገፍግ ኖሮ ፔንሲልቬንያ የነጻነቱን ውሳኔ አትደግፍም ነበር። በሦስት ዓመቱ ግን ሕዝብ ተነሣበት። ለእንግሊዝ አድልታችኋል ተብለው በክህደት ለተከሰሱ ሰዎች ጠበቃ ሆኖ ስለቆመ፣ የገበያ ዋጋ በመንግሥት እንዲተመንም ስለተቃወመ፣ ኦክቶበር 4 ቀን 1779 የታጠቁ ሚሊሻዎች ፊላደልፊያ ያለውን ቤቱን ከበቡ። ተኩስ ተከፍቶ ከውስጥም ከውጭም ሰው ሞተ። ስለ «ሕዝብ» እንዲያ የጻፈው ሰው በገዛ ከተማው ሕዝብ እንደ ባለጠጎች ወገን ይታይ እንደነበር ሳያውቁ ዊልሰንን አወቅሁ ማለት አይቻልም።

በ1787ቱ የሕገ መንግሥት ጉባኤ 168 ጊዜ እንደተናገረ ተቆጥሯል፤ የሚበልጠው ገቨርነር ሞሪስ ብቻ ነው («ገቨርነር» ስሙ እንጂ ማዕረጉ አይደለም፤ ከነጋዴው ሮበርት ሞሪስም ሌላ ሰው ነው)። ጁን 1 ቀን የአስፈጻሚው ሥልጣን በአንድ ሰው እጅ ይሁን ብሎ ሐሳብ ያቀረበው ዊልሰን ነው። ከንጉሥ አገዛዝ ገና በተላቀቀ አዳራሽ ውስጥ ይህ ከባድ ሐሳብ ስለነበር ለጥቂት ጊዜ የተናገረ አልነበረም፤ የጉባኤው ልዑክ ጀምስ ማዲሰን ዝምታውን በማስታወሻው መዝግቦታል። ዊልሰን ፕሬዚዳንቱን ሕዝቡ በቀጥታ እንዲመርጠው ፈለገ። ያ ተቀባይ እንደማያገኝ ሲያይ፣ በማግሥቱ ሕዝቡ መራጮችን ይምረጥ፣ መራጮቹ ፕሬዚዳንቱን ይምረጡ የሚል አማራጭ አመጣ። ያን ቀን ወደቀ፤ በሴፕቴምበር ወር መልኩ ተለውጦ ተመለሰና የዛሬው የመራጮች ጉባኤ ሆነ። ስለዚህ «የመራጮች ጉባኤን ያመጣው ዊልሰን ነው» የሚለው እውነት ቢሆንም ግማሽ እውነት ነው። የመጀመሪያ ፍላጎቱ ቀጥተኛ ምርጫ ነበር። ሴናተሮችም በሕዝብ እንዲመረጡ ተከራክሮ ተሸንፏል፤ ሐሳቡ ሕግ የሆነው በ1913 በ17ኛው ማሻሻያ ነው።

አሁን ወደ «እኛ ሕዝቡ» እንምጣ። በጁላይ መጨረሻ ጉባኤው የወሰነውን ሁሉ ወደ አንድ ረቂቅ የሚያዋቅር የአምስት ሰዎች ኮሚቴ ተመረጠ፦ ሰብሳቢው ጆን ረትሌጅ፣ ኤድመንድ ራንዶልፍ፣ ኦሊቨር ኤልስዎርዝ፣ ናትናኤል ጎርሃምና ዊልሰን። ረቂቁ ኦገስት 6 ቀን ቀረበ። በዊልሰን እጅ የተጻፉት ረቂቆች ፊላደልፊያ ውስጥ ተጠብቀው ይገኛሉ። በዚያ ረቂቅ መክፈቻው «እኛ የኒው ሃምፕሸር፣ የማሳቹሴትስ… ግዛቶች ሕዝብ» እያለ ግዛቶቹን በስም የሚዘረዝር ነበር። «እኛ የዩናይትድ ስቴትስ ሕዝብ» ወደሚለው የተቀየረው በሴፕቴምበር ወር፣ ገቨርነር ሞሪስ ቋንቋውን ባስተካከለበት በሌላ ኮሚቴ ነው። ምክንያቱም ተግባራዊ ነበር፤ ሕገ መንግሥቱ ዘጠኝ ግዛቶች ሲያጸድቁት ይጸና ስለነበር የትኞቹ ዘጠኝ እንደሚሆኑ አስቀድሞ መጻፍ አይቻልም። እንግዲህ «እኛ ሕዝቡ» የሚሉት ቃላት በዊልሰን ረቂቅ ውስጥ ነበሩ፤ ዛሬ የምናውቀውን መልክ የሰጣቸው ግን ሞሪስ ነው። ለዚያች ሐረግ ሕጋዊ ትርጉም ሰጥቶ የተከራከረላት ግን ከሁሉ በላይ ዊልሰን ነው።

አንድ ጥፋቱን ሳልጠቅስ ማለፍ አልችልም። ጁን 11 ቀን ለውክልና ሲባል አምስት ባሪያዎች እንደ ሦስት ሰው ይቆጠሩ የሚለውን ቀመር ያቀረበው እሱ ነው፤ የደገፈው የሳውዝ ካሮላይናው ቻርልስ ፒንክኒ ነበር። ዓላማው የደቡብ ግዛቶችን በኅብረቱ ውስጥ ማቆየት ነበር። የባሪያ ንግድን ከ1808 ጀምሮ መከልከል ይቻላል የሚለው አንቀጽም ባርነትን ከአገሩ ለማስወገድ መሠረት ይጥላል ብሎ በፔንሲልቬንያ ማጽደቂያ ጉባኤ ተናግሯል። ተሳስቷል። ባርነት ተስፋፋ፤ የሦስት አምስተኛው ቀመርም ለባሪያ ባለቤቶች ተጨማሪ የምክር ቤት ወንበር እየሰጠ ቆይቶ፣ በሕግ የተሻረው በ1868 በ14ኛው ማሻሻያ ነው። «ማንም በሌላው ላይ ያለ ፈቃዱ ሥልጣን የለውም» ያለ ብዕር ያን ቀመር ማቅረቡ ያሳዝናል፤ ለዚህ ማቃለያ የሚሆን ሰበብ የለም።

ፔንሲልቬንያ ዲሴምበር 12 ቀን 1787 በ46 ለ23 ድምፅ ስታጸድቅ ዋናው ተከራካሪ ዊልሰን ነበር። ተቃዋሚዎች ቀድሞ ጥብቅና በቆመባት በካርላይል ምስሉን ሠርተው አቃጠሉት።

በኤፕሪል 1789 ለጆርጅ ዋሽንግተን ደብዳቤ ጽፎ የጠቅላይ ፍርድ ቤቱን ፕሬዚዳንትነት ጠየቀ። ዋሽንግተን ያን ለጆን ጄይ ሰጥቶ ዊልሰንን ከአምስቱ ተራ ዳኞች አንዱ አደረገው። ዳኞቹ ያኔ በጠቅላላው ስድስት እንጂ ዘጠኝ አልነበሩም። የፍርድ ቤቱ ፕሬዚዳንት ደመወዝ በዓመት 4,000 ዶላር፣ የሌሎቹ 3,500 ዶላር ነበር። የ3,500ን ቁጥር ያስታውሱ፤ በኋላ ይፈለጋል።

የመጀመሪያው ፍርድ ቤት ዛሬ እንደምናውቀው አልነበረም። በፌብሩዋሪ 1790 ኒው ዮርክ ውስጥ ሲከፈት የሚያየው መዝገብ አልነበረውም። በዓመት ሁለቴ፣ በፌብሩዋሪና በኦገስት፣ ይሰየማል፤ የዳኞቹን ጊዜ የሚበላው ግን ዙረቱ ነበር። አገሩ በሦስት የዙር ክልል ተከፍሎ፣ ሁለት የጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኞች ከአካባቢው የፌዴራል ዳኛ ጋር ሆነው በየከተማው እየዞሩ ያስችሉ ነበር። ይህ አሠራር ሁለት ችግር ነበረበት። አንደኛው ፈረስና ጭቃ ነው፤ ዳኞቹ ታመሙ፣ ደጋግመውም አቤት አሉ። ሁለተኛው የከፋ ነው፦ በዙር ችሎት የፈረደው ዳኛ ያው ጉዳይ በይግባኝ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሲደርስ እንደገና ሊያገኘው ይችላል። በ1793 ኮንግረስ ሁለቱን ዳኞች ወደ አንድ በመቀነስ ሸክሙን አቀለለ እንጂ አላስቀረውም።

ዊልሰን በዙር ችሎት ላይ የሠራው አንድ ነገር ከሚገባው በታች ነው የሚነገርለት። በማርች 1792 ኮንግረስ በነጻነቱ ጦርነት የቆሰሉ ወታደሮች ጡረታ እንዲያገኙ ሕግ አወጣ። በሕጉ መሠረት ቁስለኛው ለዙር ፍርድ ቤቱ ያመለክታል፤ ዳኞቹ ጉዳቱን መርምረው የሚገባውን መጠን ይወስናሉ፤ ውሳኔያቸው ግን ወደ ጦር ሚኒስትሩ ይሄዳል፤ ሚኒስትሩ ማጭበርበር አለበት ብሎ ከጠረጠረ ያግደዋል፣ ኮንግረስም ይከልሰዋል። ዊልያም ሄይበርን የተባለው ወታደር ሲያመለክት ዊልሰን፣ ጆን ብሌርና የአካባቢው ዳኛ ሪቻርድ ፒተርስ አናይም አሉ። ለፕሬዚዳንቱ በጻፉት ደብዳቤ ያስረዱት ምክንያት ሁለት ነው፦ ሥራው የዳኝነት ሥራ አይደለም፤ የፍርድ ቤት ፍርድም በሚኒስትር ወይም በምክር ቤት ሊከለስ አይችልም። የፌዴራል ፍርድ ቤት የኮንግረስን ሕግ ከሕገ መንግሥቱ ጋር አይስማማም ብሎ አላስፈጽምም ሲል ይህ የመጀመሪያው ነው፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የኮንግረስን ሕግ የሻረበት፣ በየመማሪያው የሚጠቀሰው የማርበሪ እና ማዲሰን ጉዳይ ከመወሰኑ 11 ዓመት ቀደም ብሎ ማለት ነው። ኮንግረስም ከዓመት በኋላ ሕጉን ቀየረው።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ። ቺዝም ጆርጂያን የከሰሰበት መዝገብ ዊልሰንን በሙሉ የሚያሳይ ነው፤ ከሕይወቱ አንድ ነገር ብቻ ለማንበብ ጊዜ ካለዎት ይህን ያንብቡ።

ነገሩ እንዲህ ነው። በ1777 ሮበርት ፋርኳር የተባለ የሳውዝ ካሮላይና ነጋዴ ለጆርጂያ ግዛት ተወካዮች ሸቀጥ ሸጠ፤ ዋጋው 169,613 ዶላር ከ33 ሳንቲም ነበር። ገንዘቡ ሳይከፈለው ሞተ። የኑዛዜው አስፈጻሚ አሌክሳንደር ቺዝም ጆርጂያን በጠቅላይ ፍርድ ቤት ከሰሰ፤ ጠበቃው የዩናይትድ ስቴትስ ጠቅላይ ዓቃቤ ሕግ የነበረው ያው ኤድመንድ ራንዶልፍ ነው። ያኔ ዓቃቤ ሕጉ የግል ደንበኛ መያዝ ይችል ነበር። ጆርጂያ «እኔ ሉዓላዊ ግዛት ነኝ፤ ሳልፈቅድ ማንም አይከሰኝም» ብላ መጥሪያውን ሳትቀበል ቀረች።

የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 3 የፌዴራል ዳኝነት «በአንድ ግዛትና በሌላ ግዛት ዜጎች መካከል» ያለን ክርክር ይጨምራል ይላል። ክርክሩ ያረፈው በዚህች ሐረግ ላይ ነው፦ ግዛቱ ከሳሽ ሲሆን ብቻ ነው ወይስ ተከሳሽ ሲሆንም? ፌብሩዋሪ 18 ቀን 1793 በችሎቱ የነበሩት አምስት ዳኞች እያንዳንዳቸው የየራሳቸውን አስተያየት አነበቡ፤ «የፍርድ ቤቱ አስተያየት» ተብሎ በአንድ ድምፅ የሚጻፍበት ልማድ ገና አልመጣም። መጀመሪያ ያነበበው ጀምስ አይርዴል ነው፤ በሐሳብ ተለየ። በጋራ ሕግ ወግ ሉዓላዊ አይከሰስም፤ ኮንግረስም ይህን ዓይነት ክስ የሚፈቅድ ሕግ አላወጣም አለ። ብሌር፣ ዊልሰን፣ ኩሺንግና ጄይ ለቺዝም ፈረዱ፤ 4 ለ1።

የዊልሰን አስተያየት የሚጀምረው ከሰው ነው። ሰው የፈጣሪ ሥራ ነው፤ ግዛት ግን የቱን ያህል ጠቃሚ ቢሆን ሰው የሠራው፣ ከሰው በታች የሆነ ነገር ነው ይላል። ቀጥሎ፦ አንድ ሐቀኛ ሰው በገባው ውል ይታሰራል፤ ሐቀኛ ሰዎች ተሰብስበው የመሠረቱት ግዛት እንዴት አይታሰርም? «ሉዓላዊ የሚለው ቃል ለዩናይትድ ስቴትስ ሕገ መንግሥት ፈጽሞ የማይታወቅ ነው» የሚለው ዝነኛ አባባሉም እዚህ ነው የሚገኘው። ነጋዴና ግዛት እኩል ውል ይገባሉ፤ ዕዳውን አልከፍልም ያለ ነጋዴ ፍርድ ቤት ይቀርባል፤ ግዛትስ ባለገንዘቡ ሲጠራው መልኩን ቀይሮ «እኔ ሉዓላዊ ነኝ» ብሎ ባለገንዘቡንም ፍትሕንም ሊዘልፍ ይገባዋልን? በጭራሽ፣ ይላል። የጽሑፉ ማስረጃም አለው፦ ሕገ መንግሥቱ ግዛቶች የውልን ግዴታ የሚያፈርስ ሕግ እንዳያወጡ ይከለክላል፤ ግዛቱ የራሱን ውል አፍርሶ የሚጠየቅበት ፍርድ ቤት ከሌለ ክልከላው ምን ይጠቅማል? ሌላም አለ፦ ያው አንቀጽ 3 ሁለት ግዛቶች ሲካሰሱ የሚዳኝ ነው፤ ሁለት ግዛት ከተካሰሰ ደግሞ አንዱ የግድ ተከሳሽ ነው።

የሆነውን ግን እንመልከት። ግዛቶቹ ደነገጡ፤ ብዙዎቹ የጦርነቱ ዘመን ዕዳ ነበረባቸው። የጆርጂያ ታችኛው ምክር ቤት ፍርዱን ለማስፈጸም የሚሞክር ይሰቀል የሚል ረቂቅ እስከማሳለፍ ደረሰ፤ ረቂቁ ሕግ ሳይሆን ቀረ። ኮንግረስ በማርች 1794 11ኛውን ማሻሻያ አሳለፈ፤ ፌብሩዋሪ 7 ቀን 1795 በግዛቶቹ ጸደቀ። የሌላ ግዛት ዜጋ ወይም የውጭ አገር ሰው ግዛትን የከሰሰበት ጉዳይ ከፌዴራል ዳኝነት ወጣ። የጠቅላይ ፍርድ ቤት ፍርድ በሕገ መንግሥት ማሻሻያ ሲሻር ይህ የመጀመሪያው ነው። አይርዴል በችሎት ተሸንፎ በሕዝብ ዘንድ አሸነፈ።

ከቺዝም ፍርድ በቀጣዩ ዓመት ዊልሰን በሌላ ጉዳይ ወሳኝ ፊርማ ፈረመ። በምዕራብ ፔንሲልቬንያ በውስኪ ላይ የተጣለውን ግብር ገበሬዎች በኃይል ሲቃወሙ፣ ፕሬዚዳንቱ የግዛቶችን ሚሊሻ ከማዝመቱ በፊት የ1792ቱ ሕግ የአንድ ዳኛ ማረጋገጫ ይጠይቅ ነበር። ዊልሰን ማስረጃውን አይቶ፣ ኦገስት 4 ቀን 1794 በዋሽንግተንና በአሌጌኒ አውራጃዎች ተቃውሞው በተለመደው የፍርድ ሥርዓት ሊገታ ከሚችለው በላይ መሆኑን በጽሑፍ አረጋገጠ። ዋሽንግተን ሠራዊት ያዘመተው ያን ወረቀት ከያዘ በኋላ ነው።

ስለ ዕዳው ጠይቀዋል፤ አሠራሩን ካላወቁ ዳኛ እንዲያ መውደቁ እንቆቅልሽ ይሆናል። በ1790ዎቹ ሀብታም ለመሆን የሚሻ ሁሉ ያልታረሰ መሬት ይገዛ ነበር። ገዢው ሙሉውን ዋጋ አይከፍልም፤ ጥቂት ቀብድ ሰጥቶ ለቀሪው የተስፋ ሰነድ ይፈርማል፤ ወዳጁ በሰነዱ ጀርባ ዋስ ሆኖ ይፈርምለታል፤ እሱም ለወዳጁ እንዲሁ ያደርጋል። መሬቱ እስኪሸጥ የቅየሳ ክፍያ፣ የባለቤትነት ሰነድ ወጪና ግብር ይከተላል፤ ገቢ ግን የለም። ይህ የሚያዋጣው ሰፋሪ በብዛት ከመጣና ከአውሮፓ ገንዘብ ከፈሰሰ ብቻ ነው። ዊልሰን በፔንሲልቬንያና በኒው ዮርክ፣ በደቡብም «ያዙ» በሚባለው የጆርጂያ የመሬት ሽያጭ ድርሻ ገዛ፤ በዚህ ሽያጭ ጆርጂያ በ1795 ወደ 35 ሚሊዮን ኤከር መሬት በ500,000 ዶላር ለአራት ኩባንያዎች ሰጠች፤ በጉቦ የተገኘ ውል ሆኖ ተገኘና በማግሥቱ ዓመት ተሻረ። አውሮፓ በጦርነት ላይ ነበረች፤ በፌብሩዋሪ 1797 የእንግሊዝ ባንክ ወረቀቱን በወርቅ መመንዘር አቆመ፤ ብድር ደረቀ። ሰንሰለቱ አንድ ቦታ ሲበጠስ የተፈራረሙት ሁሉ አብረው ወደቁ። የነጻነቱን ጦርነት በገንዘብ የደገፈው ሮበርት ሞሪስም በ1798 ፊላደልፊያ ውስጥ በዕዳ ታሰረ።

ያኔ ባለገንዘብ የባለዕዳውን አካል የማስያዝ መብት ነበረው። የእኛ አገር ሰው ቁራኛን ያስታውስ፤ ባለዕዳና ባለገንዘብ ተቆራኝተው የሚውሉበት ወግ፣ ሐሳቡ ቅርብ ነው፦ ገንዘቡ ሲጠፋ አካሉ ይያዛል። የፌዴራል የኪሳራ ሕግ የወጣው በ1800 ነው፤ ዊልሰን ሁለት ዓመት ሳይደርስበት ቀረ። በአንድ ግዛት ያለ ፍርድ በሌላው ለማስፈጸም እንደገና መክሰስ ስለሚያስፈልግ ባለዕዳዎች ከግዛት ግዛት ይሸሹ ነበር። ዊልሰን በ1797 ኒው ጀርሲ በርሊንግተን ታሰረ፤ ልጁ ገንዘብ ፈልጎ አስፈታው። ወደ ሰሜን ካሮላይና ወረደ፤ እዚያም የሳውዝ ካሮላይናው ፒርስ በትለር 197,000 ዶላር አለብህ ብሎ አሳሰረው። በትለርም ከሕገ መንግሥቱ ፈራሚዎች አንዱ ነው። 197,000ን ለ3,500 ያካፍሉት፤ ምንም ሳይበላ 56 ዓመት ቢሠራ ነው የአንዱን ባለገንዘብ ዕዳ የሚከፍለው።

ከእስር ከወጣ በኋላ ወባ ያዘው፤ ቀጥሎም ሽባ የሚያደርግ ስትሮክ መታው። የሃያዎቹ ዕድሜ ላይ የነበረችው ሁለተኛ ሚስቱ ሐና አስታመመችው። ኤደንተን በቺዝም ጉዳይ በሐሳብ የተለየው የአይርዴል ከተማ ነች። የተቀበረውም በአይርዴል ሚስት ወንድም በሳሙኤል ጆንስተን ርስት ላይ ነው። በ1906 አጽሙ ፊላደልፊያ ወደሚገኘው ክራይስት ቸርች ተወስዶ በክብር አረፈ። በወንበሩ የተተካው የጆርጅ ዋሽንግተን የወንድም ልጅ ቡሽሮድ ዋሽንግተን ነበር።

ስሙ የጠፋው በዚህ ሞት ነው ብዬ አምናለሁ። ሌሎቹ ጡረታ ወጥተው ደብዳቤያቸውን ሰበሰቡ፣ ቤታቸው ሙዚየም ሆነ። የዊልሰን ወዳጆች ግን ስለ እሱ ማንሣት አፈሩ። ከ1790 ጀምሮ ፊላደልፊያ ውስጥ የሰጠውን የሕግ ትምህርት፣ ያ ትምህርት ሲከፈት ፕሬዚዳንቱ ሳይቀር ተገኝቶ ነበር፣ ልጁ ያሳተመው በ1804 ነው፤ ያኔ አገሩ ሌላ ጉዳይ ይዞ ነበር። ከሁሉ በላይ ትልቁ ፍርዱ ተሽሯል። ሐሳቡ ግን ሞቶ አልቀረም። በ1964 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የምክር ቤት ወረዳዎች በሕዝብ ብዛት እኩል ይሁኑ ብሎ ሲወስን «ምርጫ ሁሉ እኩል መሆን አለበት» የሚለውን የዊልሰንን ትምህርት ጠቅሶ ነው።

በሌላው ጎን የተሸነፈው ክርክር ዛሬም አሜሪካ ውስጥ በሚኖር ሰው ኪስ ይገባል። 11ኛው ማሻሻያ በቃሉ የሚከለክለው የሌላ ግዛት ዜጋን ብቻ ቢሆንም፣ በ1890 ፍርድ ቤቱ የገዛ ዜጋውም ግዛቱን በፌዴራል ፍርድ ቤት ለገንዘብ መክሰስ አይችልም አለ። በ1999 ደግሞ በ5 ለ4 ድምፅ፣ ኮንግረስ በተለመደው ሥልጣኑ ባወጣው ሕግ ግዛት በራሱ ፍርድ ቤት እንኳ ሳይፈቅድ ሊከሰስ አይችልም ብሎ ጥበቃውን አሰፋ። ስለዚህ በችኮላ ግዛቱን በስም ተከሳሽ አድርጎ ለካሳ የሚከስ ሰው መዝገቡ በፍሬ ነገሩ ሳይታይ ይዘጋበታል። የሚሠሩት መንገዶች ሌላ ናቸው። ከተማና ካውንቲ ይህ ጥበቃ የላቸውም። ባለሥልጣን ሕግ መጣሱን እንዲያቆም ትእዛዝ ከተፈለገ፣ ከ1908 ጀምሮ ግዛቱን ሳይሆን ባለሥልጣኑን መክሰስ ይቻላል። በግዛት መሥሪያ ቤት በዘር፣ በሃይማኖት ወይም በጾታ የተነሣ የሥራ መድልዎ የደረሰበት ሰው ደግሞ በ1976ቱ ውሳኔ መሠረት የገንዘብ ካሳ መጠየቅ ይችላል፤ ኮንግረስ በ14ኛው ማሻሻያ ሥልጣኑ ጥበቃውን አንሥቶታልና። የጆርጂያን መጨረሻ ይዩ፦ የግዛቲቱ ሕገ መንግሥት ዛሬ በጽሑፍ ለተደረገ ውል ያለመከሰስ መብቷን ትቷል። ክላርክስተን ወይም አትላንታ የሚኖር ነጋዴ ለግዛቲቱ ዕቃ ቢያቀርብ፣ ፋርኳር ያጣውን ዕድል በግዛቲቱ ፍርድ ቤት ያገኛል፤ ውሉ በቃል ከሆነ ግን አያገኝም። ስለዚህ በኢሜይልና በስልክ «ተስማምተናል» ተብሎ ሥራ አይጀመር፤ ሥልጣን ባለው ሰው የተፈረመ ወረቀት መጀመሪያ በእጅ ይግባ።

ለፈተናዎ ደግሞ ይህን ይያዙ። ሕገ መንግሥቱ የሚጀምርባቸው ሦስት የእንግሊዝኛ ቃላት «We the People»፣ «እኛ ሕዝቡ»፣ ናቸው፤ ማን እንደጻፋቸው አይጠየቁም። የነጻነት መግለጫውን የጻፈው ቶማስ ጄፈርሰን ነው፤ ዊልሰን ፈራሚ ነው። ሕገ መንግሥቱን ከደገፉት የፌዴራሊስት ጽሑፎች ጸሐፊዎች አንዱን ጥቀስ ሲባልም ማዲሰንን፣ ሃሚልተንን ወይም ጄይን ይበሉ። ዊልሰን ሕገ መንግሥቱን የደገፈው በንግግር ነው፤ በእነዚያ ጽሑፎች ውስጥ ስለሌለበት ስሙን ቢጠሩ መልሱ ስሕተት ይሆንብዎታል።